ለዋልልኝ የተተከለ ድንኳን

ሙሉሰው የመጀመሪያውን ገመድ ፈትቶ ወደ ሁለተኛው ሲያልፍ ስርጉት ከፍራሹ ላይ ተነሣች። ሐዘንተኛ ሴት እንዲህ ብድግ ማለት እንደማይገባት ታውቃለች። ግን ወንድሟ ዋልልኝ ከተቀበረ ገና አንድ ሌሊት ማደሩ ነው፤ ሰልስቱ ሳይደርስ ድንኳን ሲፈርስ ተቀምጦ ማየት ደግሞ ባሰባት።

«ሙሉሰው፣ ምን ልታደርግ ነው?» አለችው።

የእድሩን ድንኳን ሲተክልና ሲነቅል ፀጉሩ የሸበተው ሙሉሰው ገመዱን እንደያዘ ወደ አጥሩ በር ዐየ። በሩ ላይ የእድሩ ዳኛ አያ ደምሴ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ ከዘራቸውን ተደግፈው ቆመዋል።

«እኔ ነኝ ንቀል ያልሁት» አሉ።

«ሰልስቱ እኮ አልደረሰም፣ አያ ደምሴ።»

«አውቃለሁ ልጄ። እስከ ሰልስት የሚቆመው ለአዋቂ ነው። ለልጅ የሚተከል ድንኳን አንድ ቀን አድሮ ይነሣል። ሕጉን አንችም አላወጣሽው፣ እኔም አላወጣሁት፤ ስንገባ ያገኘነው ነው።»

«ዋልልኝ እኮ አርባ ሦስት ዓመቱ ነው።»

«መቶ ቢሞላስ። እናትሽ፣ ነፍሷን ይማረውና፣ በልጅነት አስገባችው፤ በልጅነት ቀረ። ወንድ ልጅ አስራ ስምንት ሲሞላው በራሱ ስም ይገባል፣ አስገቢው እያልን ስንት ጊዜ ነገርናት። እሽ ትለናለች፣ ትሄዳለች።»

እውነታቸውን ነው። ስርጉት ራሷ እናቷ ስትሞት በቦታዋ ተተክታ እድሩ ውስጥ ስትገባ፣ ዋልልኝን ከነልጅነቱ ነው የተረከበችው። ነገሩ ትዝም አላላት።

አያ ደምሴ ክፉ ሰው አይደሉም። ሕግ የሚወዱ ሰው ናቸው እንጅ። የገዛ ወንድማቸው ለስብሰባ አርፍዶ ቢመጣ እንደማንኛውም አርፋጅ ጥግ አቁመው እስከ መጨረሻው ያስደመጡት እሳቸው ናቸው። ሰፈሩ ያን ቀን ቢስቅባቸውም ከዚያ ወዲህ ያረፈደ ሰው የለም። አሁን ግን የስርጉትን ፊት ሲያዩ ከዘራቸውን ከእጅ ወደ እጅ አዛወሩ።

«የገሳይና የይፋግ ዘመዶቻችሁ መንገድ ላይ ናቸው ተብያለሁ። እነሱ መጥተው እህል ይቅመሱና ከምሳ በኋላ ይነሣል። ከዚህ በላይ እኔም አልችልም።»

ሙሉሰው ሁለተኛውን ገመድ ተወው፤ የመጀመሪያው ግን እንደተፈታ ቀረ። ከጉና የሚወርደው ነፋስ የድንኳኑን አንድ ጥግ እያነሣ ይጥለዋል። ስርጉት ተመልሳ ፍራሹ ላይ ተቀመጠች። ለእሷ ነገሩ የሸራ ጉዳይ አልነበረም። ድንኳኑ ዛሬ ከተነሣ ሰፈሩ ዋልልኝን የሸኘው በልጅ ሐዘን ነው ማለት ነው። ልጅ የሞተበትን ሰው ደግሞ ምትኩን ይስጥሽ ብለው ነው የሚያልፉት። የዋልልኝን ምትክ ማን ሊሰጣት ነው?

ረፋዱ ላይ አክስቷ ፈንታነሽ ከገሳይ ደረሰች። ከመንገድ ጀምራ እያለቀሰች ገባች፤ ደረቷን እየደቃች የእህቷን ስም፣ የእህቷን ልጅ ስም ጠራች። ጠርታ ስትጨርስ ከስርጉት አጠገብ ተቀምጣ ጫማዋን አወለቀችና እግሯን ዘረጋች። የፈንታነሽ ሐዘኗም እውነት ነው፣ ወሬዋም እውነት ነው፤ አንዱ ሌላውን አያስቀረውም።

«እግዜር ያጥናሽ፣ የኔ ልጅ» አለች በሹክሹክታ። «ተገላገለ በይው። አንችም ብትሆኝ ተገላገልሽ።»

«ከምኑ ነው የተገላገልሁት፣ አክስቴ?»

«ከማስታመሙ ነዋ። ወጣትነትሽን እኮ በላው። አሁንማ እንደ ልብሽ ነሽ፤ ብትፈልጊ ኩዌትሽ መመለስ ነው።»

ስርጉት ተናደደች። ከትናንት ጀምሮ ይህን ቃል ያላላት ሰው ጥቂት ነው። ሁሉም በደግነት ነው የሚናገረው፣ እሱ ነው ይበልጥ የሚያናድደው። ጠዋት ደግሞ ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምረው አዲሱ ጎረቤቷ ለቅሶ ሊደርስ መጥቶ፣ «ልጁ ስንት ዓመቱ ነበር?» ብሎ ጠየቃት። «ሰውየው አርባ ሦስት» ብላ መለሰችለት። መምህሩ ደነገጠ። ከሌላ አገር የመጣ፣ ማንንም የማያውቅ ሰው ነው፤ ኋላ አሳዘናት።

ልጅ መባሉን ያመጣው ሐኪም ነው። ዋልልኝ በተወለደ በጥቂት ወራት ጡት መጥባት እያቃተው፣ ከንፈሩ እየጠቆረ ሲያስቸግር፣ እናታቸው ታንጉት አዝላ ወስዳ ያን ጊዜ ለነበረ አንድ ሐኪም አሳየችው። ሐኪሙ ዐይኑን፣ መዳፉን፣ አንገቱን ዐይቶ፣ ደረቱን አዳምጦ፣ «ሲፈጠር ጀምሮ እንዲህ ነው፤ ያጠፋሽው ነገር የለም» አላት። «እንዲህ ያሉ ልጆች አእምሯቸው እንደ እኩዮቻቸው አይበስልም፤ ልባቸውም ደካማ ነው፣ ብርድ አይችሉም። አስር ዓመት ከደረሰልሽ ጥሩ ነው።»

ታንጉት ይህን እንደ ቀጠሮ ነው የያዘችው። ሸማኔ ዘንድ ሄዳ ለልጅ የሚበቃ መግነዝ አሠራች፤ ቀኑ ሲደርስ ጨርቅ ፍለጋ ሰው ቤት አላንኳኳም ብላ። አጣጥፋ ሳጥን ውስጥ ከተተችውና እሱን በብርድ እንዳይነጠቅባት ቤት ውስጥ ደብቃ አሳደገችው። ውሃ ሳታሞቅ አጥባው አታውቅም፤ ሁልጊዜ መጀመሪያ በክርኗ ትሞክረዋለች። ሕፃኗ ስርጉት ያን ሁሉ እያየች አደገች።

አስር ዓመት ሞላው። ታንጉት እሱ ተኝቶ ሳለ ጨርቁን አውጥታ ለካችው፤ ከጉልበቱ አላለፈም። መልሳ አጣጠፈችው። ደርግ የወደቀ ዓመት አስራ አምስት ሆነው፣ ከከንፈሩ በላይ ጠጉር ብቅ አለ። ሰፈሩ ሁሉ በስጋት ቤቱን ዘግቶ በተቀመጠበት በዚያ ሰሞን ታንጉት ጨርቁን እንደገና አውጥታ ደረቱ ላይ ዘረጋችው። ዋልልኝ ነቅቶ ኖሮ ጨርቁን በሁለት እጁ ይዞ ተመለከተውና፣ «ትንሽ ነው» አለ። እናትየው ሳቀች። ስርጉት እናቷን እንባዋ እስኪወርድ ስትስቅ ያን ቀን ነው መጀመሪያ ያየቻት። ታንጉት ጨርቁን ለሁለት ቀደደች። ግማሹ ሸሚዝ ሆነው፣ ግማሹ ጫፉ ተቀምቅሞ የፊት ፎጣው ሆነ፤ ምስማር ላይ ተሰቀለ።

እድሩን ግን እሽ አላለችም። አስራ ስምንት ሞልቶት በራሱ ስም አስገቢው ሲሏት ቤት መጥታ ለስርጉት፣ «ሞት ረስቶት ይሆናል» አለቻት ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «እኔው ለቅሶ ማኅበር ገብቼ ስሙን ጠርቼ ላስታውሰው?»

ከዚያ ብዙም ሳይቆይ የአያ ደምሴ ባለቤት ሞተች። የኅዳር ብርድ ነበር፣ እንደ ዛሬው። ታንጉት ለቅሶ ቤት ወጥ ልትሠራ ሄዳ ሳለ ዋልልኝ በሩ ክፍት መሆኑን ዐየና ፎጣውን ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ ተከተላት። አንድ ጎረምሳ ጆግና ሳፋ ይዞ ሽማግሌዎቹን በበርሜል ውሃ እያስታጠበ ነበር፤ ሽማግሌዎቹ እጃቸውን እያንዘፈዘፉ ይሰበስባሉ። ዋልልኝ ጆጉን ቀማው። ጓዳ ገብቶ ምድጃ ላይ ከፈላው ቀላቅሎ፣ እጅጌውን ሰብስቦ በክርኑ ሞከረና ተመለሰ። ሽማግሌዎቹን ዘሏቸው አለፈ። ጥግ ላይ አንገታቸውን ደፍተው ወደተቀመጡት ወደ አያ ደምሴ ሄዶ ጎንበስ አለ።

«ከአባቶች ነው የሚጀመር፣ አንተ ልጅ» አለው አንዱ።

አልሰማውም። ሐዘንተኛውን እያየ ጠበቀ። አያ ደምሴ ከቀብር መልስ እህል በአፋቸው አልዞረም ነበር። እጃቸውን ዘረጉ። ውሃው ወረደ።

«በረደህ?» አላቸው ዋልልኝ። አንቱ የሚል ቃል ካፉ ወጥቶ አያውቅም፤ ለቄስም ለዳኛም አንተ ነው።

«የለም» አሉ አያ ደምሴ። «ሞቋል።» ፎጣውን ከትከሻው ስቦ ሰጣቸው። ያን ቀን በሉ።

ከዚያ ወዲያ በዚህ ሰፈር ለቅሶ ላይ ሌላ ሰው አስታጥቦ አያውቅም። ጥሩምባ ሲነፋ ዋልልኝ ፎጣውን ያወርዳል። ከሐዘንተኛ ይጀምራል፣ ቀጥሎ ሕፃናትን፣ ቀጥሎ ደጃፍ ላይ የቆመ ለማኝ ካለ እሱን፤ ሽማግሌዎች መጨረሻ ናቸው። መጀመሪያ አጉረመረሙ፣ ኋላ ለመዱት። ታንጉት በየቀኑ እየፈራች፣ በየቀኑ ደግሞ ልጄ ሥራ ሄዷል እያለች ኖረች። ሐኪሙ የሰጣት አስር ዓመት አልፎ ሃያ፣ ሠላሳ ሆነ። በመጨረሻ ቀድማው የሞተችው እሷ ናት።

ስርጉት ያን ጊዜ ኩዌት ሰው ቤት ትሠራ ነበር። ፀሐዩ ብረት በሚያግልበት አገር ስልክ በደወለች ቁጥር ዋልልኝ የሚጠይቃት አንድ ነገር ነው፤ «በረደሽ?» ትስቅና፣ «አልበረደኝም፣ ሞቋል» ትለዋለች። እናታቸው የሞተች ሰሞን ግን ሲጠይቃት ሞቋል ማለት አቃታት። በዚያው ወር ጓዟን ጠቅልላ መጣች። ወጣትነቷን የበላው እሱ ነው የሚሉት ይህን ነው። እሷ የምታስታውሰው ሌላ ነው፤ አብረው ድንች እየላጡ የሚያመሹትን፣ እሱ ልጣጩን አንድም ሳይበጠስ ለማውረድ ምላሱን አውጥቶ የሚታገለውን፣ እሁድ ከኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን መልስ እጇን ይዞ ያገኘውን ሰው ሁሉ፣ «ስርጉት መጣች» እያለ የሚያስተዋውቃትን። ከመጣች ሁለት ዓመት ካለፈም በኋላ መጣች ይል ነበር። እንዲህ ደስ ያላት ዘመን አልነበራትም።

ከዚያ መርሳት ጀመረ። አንዱን ሰው ሁለት ጊዜ ያስታጥባል። ውሃውን ከእጅ ውጭ ያፈሰዋል። ከቤተ ክርስቲያን ሲመለስ መንገዱ ጠፍቶት ሰው ደጅ ተቀምጦ ተገኘ። ቀን ቀን ይተኛል፤ ሲነቃ እናቱን ይጠይቃል። ሰይጣን ተጠናወተው ተባለ። ፈንታነሽ ጣራ ገዳም ወስዳ ጠበል አስጠመቀችው፤ እሱ የተጠማቂውን ሁሉ እጅ እየያዘ በረደህ እያለ አባቶችን አሳቀና ተመለሰ።

በመጨረሻ ስርጉት ትርሐስ የምትባል ወጣት ሐኪም ዘንድ ወሰደችው። ትርሐስ ደረቱን ረጅም ጊዜ አዳመጠች፣ ደሙን አስመረመረች፣ የአንገቱ ዕጢ መድከሙን ነግራ ኪኒን ሰጠችው።

«ስንት ዓመቱ ነው?» አለች።

«አርባ አንድ።»

«በደንብ ይዛችሁታል» አለች ትርሐስ። ይህን የመሰለ ቃል ለስርጉት ማንም ብሏት አያውቅም።

«አስር ዓመት አይሞላውም ተብሎ ነበር።»

«ያለው ሐኪም አልዋሸም። ያኔ ብዙዎቹ በልብና በሳንባ ምች በልጅነታቸው ያልፉ ነበር። ዛሬ ይታከማሉ፤ ስድሳ የሚደርሱም አሉ። ግን እርጅና ቶሎ ይመጣባቸዋል። ወንድምሽ አርጅቷል። የሚረሳው ለዚያ ነው፣ ሌላ ነገር የለበትም።»

ኪኒኑ እንቅልፉን ቀነሰለት፤ እርጅናውን ግን አልመለሰውም። ስርጉት ያን ቀን እጁን ይዛ ወደ ቤት ስትመለስ አለቀሰች። ቢሆንም ለማንም ያልተናገረችው ትንሽ ደስታ ልቧ ውስጥ ነበር። ወንድሜ አረጀ አለች ለራሷ። ልጅ አያረጅማ።

ባለፈው መስከረም ያስታጠበበት የመጨረሻው ለቅሶ ነበር፣ ከጎረቤት። ዋልልኝ ፎጣውን ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ ጆጉን ይዞ ወጣ፤ ስርጉት ከኋላው ነበረች። ጆጉ ባዶ ነው። ውሃ መቅዳቱን ረስቶታል። ልትደርስበት ስትል እሱ ሐዘንተኛዋ ፊት ጎንበስ ብሎ ጆጉን አዘነበለ። ምንም አልወረደም። ሴትዮዋ ቀና ብላ ዐየችው፤ ከዚያ እጆቿን አሻሸች።

«በረደሽ?» አላት።

«ሞቋል፣ ዋልልኝ» አለችው።

ከአጠገቧ ያለውም አሻሸ። ድንኳን ሙሉ ሰው በየተራው ደረቅ እጁን እያሻሸ ሞቋል አለው። አያ ደምሴም ተራቸው ሲደርስ ዘርግተው አሻሹ፣ በፎጣውም ጠረጉ። ከዚያ ሁሉም ባልታጠበ እጁ በላ። ነገሩን ኋላ አንስቶ ያወራ ሰው የለም።

ኅዳር ሲገባ ብርዱ ሳንባው ላይ ወጣ፤ ትርሐስ የምትችለውን ሁሉ አደረገች፣ ያ ደካማ ልቡ ግን አልቻለም። ትናንት ቀበሩት።

ምሳ ሰዓት ደረሰ። የይፋጎቹም መጥተው ድንኳኑ ሞልቷል። ሴቶቹ ምሳውን ደረደሩ፤ አያ ደምሴ ከምሰሶው አጠገብ ተቀመጡ። ሙሉሰው ደጃፉ ላይ ምሳው እስኪያልቅ ይጠብቃል። የተፈታው ጥግ አሁንም ይንፈራፈራል።

ሰዉ እጅጌውን ሰብስቦ እጁን ወደፊት ዘረጋ። ማንም አልመጣም።

ትንሽ ጠበቁ። ጓዳ ያሉት ሴቶች ደጅ ያሉት ያስታጥባሉ ብለዋል፤ ደጅ ያሉት ማንንም አላሰቡም። ሃያ ዓመት ከዚያም በላይ ለዚህ ሥራ ሰው መመደብ አስፈልጎ አያውቅም። በሁለቱም ወገን ያሉ እጆች እንደተዘረጉ ናቸው። አያ ደምሴ መዳፋቸውን ገልብጠው ወደ በሩ ዐዩ።

«ዋልልኝ፣ በል እንጅ—» አሉ።

ያሉትን የሰሙት ካሉ በኋላ ነው። አንድ ሰው እጁን ሊሰበስብ ፈልጎ አልሰበሰበም። ፈንታነሽ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ማልቀስ ጀመረች፤ ይህኛው ልቅሶ ድምፅ አልነበረውም። አያ ደምሴ የተዘረጉ እጆቻቸውን ለረጅም ጊዜ ተመለከቱ።

«ሙሉሰው» አሉ።

«አቤት።»

«ያን የፈታኸውን ገመድ እሰረው።»

ሙሉሰው ግራ ገባው። «እስከ መቼ ነው የማስረው?»

«እስከ ሰልስት ነዋ።»

«ሕጉስ፣ አያ ደምሴ?» አለ ከወዲያ ማዶ የተቀመጠ የእድሩ ሰው፤ ሊከራከር ሳይሆን እንዲያው ልማድ ሆኖበት።

«ስብሰባ ላይ እጠየቅበታለሁ። ጥግ ላይ ቆሜ እሰማችኋለሁ» አሉ አያ ደምሴ። «ትልቅ ሰው ነው የሞተብን።»

ሙሉሰው ጎንበስ ብሎ ገመዱን ካስማው ላይ ጠመጠመው። ነፋሱ የሚያነሣው ጥግ ተወጠረ። ስርጉት እጆቿን መሬት ላይ ተክላ ልትነሣ ሞከረች። ፈንታነሽ ቀሚሷን ያዘች።

«ሐዘንተኛ አያስታጥብም፣ ተቀመጭ።»

ቀድመው የተነሡት አያ ደምሴ ናቸው። ከዘራቸውን ተዉት። ወንድ በማይገባበት ጓዳ ገቡ፤ ሴቶቹ ግድግዳው ላይ ተለጥፈው አሳለፏቸው። ሲመለሱ ከምስማሩ ያወረዱት ፎጣ ትከሻቸው ላይ ነው፣ ሳፋውን በግራ፣ ጆጉን በቀኝ ይዘዋል። አንድ ሽማግሌ መዳፉን ወደ እሳቸው አቀረበ።

«ከሐዘንተኛ ነው የሚጀመር» አሉትና አለፉት።

ስርጉት ፊት ጎንበስ አሉ። እንዲህ ያለ ሰው እንዲህ ላለች ሴት ጎንበስ አይልም፤ እሷም ከፍራሹ ላይ ግማሽ ተነሣች።

«ተቀመጭ ልጄ። እሱ ሲያስታጥበኝ አልተነሣሁለትም።»

ተቀመጠች። እጆቿን ዘረጋች። አያ ደምሴ ዕድሜያቸውን ሁሉ ውሃ ተፈስሶላቸው እንጅ አፍስሰው አያውቁም፤ ከበርሜሉ እንደ ቀዱት ነው ያመጡት። በክርን መሞከርም አላሰቡ። ውሃው ጣቶቿ ላይ ሲወርድ ብርዱ እስከ አጥንቷ ዘለቀ።

«በረደሽ?» አሏት።

ስርጉት እጆቿን ቀስ አድርጋ አሻሸች።

«ሞቋል» አለች።

ፎጣውን ከትከሻቸው ላይ ስባ እጇን ጠረገች። ከዚያ መልሳ ትከሻቸው ላይ አደረገችው፣ ጫፉንም አስተካከለችላቸው፤ አያ ደምሴም ወደ ሕፃናቱ አለፉ።